ዶዘሩ ከመምጣቱ በፊት ስሙን

ለ፦ በአዲስ አበባ ዳርቻዎች በመሬት ጉዳይ ለምትወስኑ ኃላፊዎች ሁሉ
ጉዳዩ፦ ቤት ከመፍረሱ በፊት የመሰማት መብትን ይመለከታል

የተከበራችሁ ኃላፊዎች፣

እኔ በከተማዋ ምሥራቃዊ ዳር የሚገኝ የአንድ ሰፈር እድር ጸሐፊ ነኝ። ጡረታ ከመውጣቴ በፊት ከ20 ዓመት በላይ ፍርድ ቤት ውስጥ በመዝገብ ቤት ሠራተኛነት አገልግያለሁ። ዳኛ አልነበርኩም፤ ጠበቃም አይደለሁም። ሥራዬ ፋይል ማውጣትና ፋይል መመለስ ነበር። ቢሆንም ችሎት በር ላይ የኖረ ሰው ብዙ ያያል። በግ ሰርቆ ከነበጉ የተያዘ ሰው ዳኛ ፊት ቆሞ "ድርጊቱን ፈጽመሃል ወይስ አልፈጸምክም?" ሲባል ስንት ጊዜ ሰምቻለሁ። እጅ ከፍንጅ ተይዞም ይጠየቃል። "አዎ፣ ሰርቄያለሁ" ብሎ ካመነ በኋላ እንኳ ቅጣቱ ከመወሰኑ በፊት የሚለው ነገር ካለ ይደመጣል።

ባለፈው ክረምት የጎረቤቴ ቤት ፈረሰ። እሳቸውን ግን ማንም ምንም አልጠየቃቸውም።

ቤቱ በፍጹም መፍረስ አልነበረበትም ብዬ ልከራከራችሁ አልመጣሁም። ተጣርቶ ቢሆን ኖሮ ምናልባት "ይፍረስ" ይባል ነበር። ምናልባትም "ይቆይ"። አላውቅም፤ እናንተም አታውቁም፤ ምክንያቱም አልተጣራም። አባቶቻችን "ያለ ፍርድ ከሄደች ጭብጦዬ፣ በፍርድ የሄደች በቅሎዬ" ይሉ ነበር። በፍርድ የተወሰደች በቅሎ ታሳዝናለች፤ ግን ሰው ውሎ አድሮ ይረሳታል። ያለ ፍርድ የተወሰደች ጭብጦ ዕድሜ ልክ ታንገበግባለች። እንግዲህ ቤት ሲሆን አስቡት።

ነገሩ እንዲህ ነው። ጎረቤቴ ባላቸው የሞተባቸው፣ እንጀራ ጋግረው የሚተዳደሩ እናት ናቸው። እሳቸውና ባለቤታቸው 200 ካሬ ቦታ ከአንድ ገበሬ የገዙት በ1993 ነው። ውሉ ከደብተር ላይ በተገነጠለ ወረቀት የተጻፈ ነው። ሦስት ምስክሮች አሉበት፤ ሁለቱ በፊርማ፣ አንዱ በጣት አሻራ። ያኔ ሰፈሩ ጤፍ የሚዘራበት ነበር። ጭቃ ቤት ሠሩ። ከጊዜ በኋላ ሁለት ሰርቪስ ጨመሩና አከራዩ። ቆጣሪ ገባላቸው። የመብራት ቢላቸውን በየወሩ ከፍለዋል። ቤቱ ካርታ የለውም። ሰፈራችን ውስጥ ካርታ ያለው በጣት የሚቆጠር ነው።

እንዲህ ያለ ሽያጭ በሕግ ፊት ደካማ እንደሆነ አውቃለሁ። በሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 40 መሠረት መሬት የመንግሥትና የሕዝብ ነው፤ አይሸጥም፣ አይለወጥም። ይህን የማያውቅ የአዲስ አበባ ሰው ያለ አይመስለኝም። ነገር ግን ያው አንቀጽ ወረድ ብሎ ሰው በጉልበቱ ወይም በገንዘቡ መሬት ላይ የሠራው ቤት የራሱ እንደሆነም ይናገራል። ከተማዋም ሰነድ አልባ ይዞታዎችን ሕጋዊ ለማድረግ ስትል መስፈርት አውጥታ ለብዙ ሰው ካርታ ሰጥታለች። ከመስፈርቶቹ ዋናው ቤቱ በ1997ቱ የአየር ካርታ ላይ መታየቱ ነው። "ኤርያል ላይ አለ ወይ?" ይባላል እኛ ሰፈር። ካለ ተስፋ አለህ። ከሌለ ሕገወጥ ነህ።

የጎረቤቴ ቤት ኤርያል ላይ አይታይም ተባለ። ቦታው መዝገብ ላይ ባዶ ተብሎ መሬት ባንክ፣ ማለትም ከተማዋ ክፍት ቦታዎቿን መዝግባ የምትይዝበት፣ ገብቷል።

እዚህ ላይ ትንሽ ልቆይ፤ ደብዳቤውን እንድጽፍ ያደረገኝ ይሄ ነውና። ቤቱ በ1997 ነበረ። እኔ ራሴ ገብቼ ቡና ጠጥቼበታለሁ። የእድራችን መዝገብ ላይ ባለቤታቸው በ1994 ሲመዘገቡ የመኖሪያ ቦታቸው የት እንደሆነ ተጽፏል። ቤቱ ግን ባሕር ዛፍ መሐል ነበር። ዙሪያውን የከበቡት ትልልቅ ዛፎች የተቆረጡት በ2000 አካባቢ ነው፤ ጉቶዎቹ እስከ ዛሬ አሉ። ከላይ የተነሳ ፎቶ የዛፉን ቅጠል እንጂ ከሥሩ ያለውን ጣሪያ ሊያሳይ አይችልም። ይህን ለማወቅ ኮምፒዩተር አያስፈልግም። አንድ ሰው ግቢው ገብቶ "እማማ፣ በ1997 እዚህ ምን ነበር?" ብሎ ቢጠይቅ ጉቶውን ያሳዩት ነበር። እኔም መዝገቤን ይዤ እመጣ ነበር። ውሉን የጻፈው ሰው በሕይወት አለ። ካልታመንን መሃላ ነበረ። የተጠየቀ ሰው የለም።

ማስጠንቀቂያው የተለጠፈው ዓርብ ከሰዓት በኋላ፣ የቆርቆሮ በሩ ላይ ነው። ሕገወጥ ግንባታዎን በ7 ቀን ውስጥ ያንሱ ይላል። እሳቸው ማንበብ አይችሉም። ማታ ተከራያቸው ከሥራ ሲገባ አነበበላቸው። ዝናብ መትቶት ማኅተሙ ለቋል።

ሰኞ ማስጠንቀቂያውን ወደ ለጠፈው መሥሪያ ቤት አብሬያቸው ሄድኩ። "ባለሙያው ፊልድ ወጥቷል" ተባልን። ማክሰኞ ስብሰባ ነው። ረቡዕ አንዲት ልጅ በትህትና ተቀብላ ፋይሉን ፈለገችልን፤ የለም። ሐሙስ "ጉዳዩ ከእኛ እጅ ወጥቷል፣ ግብረ ኃይሉን ጠይቁ" አሉን። ግብረ ኃይሉ ቢሮው የት እንደሆነ የሚነግረን አጣን። በእነዚያ ቀናት ክፉ ቃል የተናገረን ሰው አልነበረም። ብቻ ሰሚ አልነበረም።

በሚቀጥለው ሰኞ ከጠዋቱ 1 ሰዓት ላይ ዶዘሩ መጣ። እሳቸው ወረቀቶቻቸውን በፌስታል ይዘው በር ላይ ቆሙ። ውሉ፣ የመብራት ቢሉ፣ የባለቤታቸው የሞት ማስረጃ፣ ሁሉም አለ። ለአንዱ ደንብ አስከባሪ "ልጄ፣ ወረቀቴን እይልኝ" አሉት። ልጁ ዕድሜው 25 ቢሆን ነው። "እማማ፣ እኔ ታዝዤ ነው። ወረቀት የማየው እኔ አይደለሁም" አላቸው። እውነቱን ነው። በዚያ ልጅ ላይ ምንም ቂም የለኝም። ግን ከዚያ ቀን ጀምሮ አንድ ጥያቄ ከጭንቅላቴ አልወጣ አለ። ታዲያ ወረቀቱን የሚያየው ማን ነው?

ከዚያ "በሕግ አምላክ!" አሉ። እንደ ድሮ ሰው፣ ነጠላቸውን ደረታቸው ላይ ይዘው። እኔ ያደግሁት ገጠር ነው። አባቴ ሁለት ሰዎች ዱላ ተማዘው ሲጣሉ አንዱ "በሕግ አምላክ" ካለ ሌላው እጁን እንደሚያወርድ ነግሮኛል። ዳኛ በሌለበት መንገድ ላይ እንኳ ያ ቃል ያቆማል። አገር ምድሩ የሚተዳደረው በዚያ ነበር። "አቤቱታ" የሚለው ቃል ራሱ "አቤት!" ብሎ ከመጮህ የመጣ ነው፤ ሰሚ አለ ብሎ ያመነ ሰው ጩኸት ነው።

ዶዘሩ አልቆመም።

ስለ ሕጉ ልናገር። የእህቴ ልጅ ሕግ ታጠናለች። የቻለችውን አስረድታኛለች፤ አዋጆቹንም አብረን አንብበናል። ሕጋችን ሁለት በር እንዳለው ያኔ ነው የገባኝ።

አንደኛው በር ለባለይዞታ ነው። በ2011 የወጣው አዋጅ ቁጥር 1161 መሬቱ ለሕዝብ ጥቅም የሚፈለግበት ሰው ቢያንስ ከአንድ ዓመት በፊት እንዲመክርበት ያዛል። ካሳ ይገመትለታል። ቅር ካለው በ30 ቀን ውስጥ ለአቤቱታ ሰሚ አካል ያቀርባል፤ ከዚያ ይግባኝ ሰሚ ጉባኤ አለ፤ ከዚያ ፍርድ ቤት። አፈጻጸሙ ብዙ ቅሬታ ቢኖርበትም ቢያንስ በሩ አለ።

ሁለተኛው በር "ሕገወጥ" ለተባለ ሰው ነው። በ2004 የወጣው የሊዝ አዋጅ ቁጥር 721 በሕገወጥ መንገድ የተያዘን የከተማ ቦታ አስተዳደሩ ያለ ካሳ እንዲያስለቅቅ ሥልጣን ይሰጠዋል። የሚጠበቅበት የ7 ቀን የጽሑፍ ማስጠንቀቂያ መስጠት ብቻ ነው። ወረቀቱን ለሰውየው በእጁ መስጠት ወይም ንብረቱ ላይ መለጠፍ ይበቃል።

አንዱ አንድ ዓመት፣ ሌላው አንድ ሳምንት። ልዩነቱ በራሱ ላያስከፋ ይችላል። ትናንት ማታ የሕዝብ ቦታ ላይ ጨረቃ ቤት የተከለን ሰው ዓመት ጠብቁት አልልም። ግን ጎረቤቴ በየትኛው በር እንደሚገቡ የወሰነው ማን ነው? መቼ ወሰነ? ማንን ሰምቶ? "ሕገወጥ" የሚለው ቃል ከክርክር በኋላ የሚመጣ ፍርድ ነው። እኛ ጋ ግን ማስጠንቀቂያው ላይ ታትሞ ይመጣል። ክርክሩ ያለው መሬቱ የመንግሥት ክፍት ቦታ ነው ወይስ የሰው ይዞታ በሚለው ላይ ሆኖ ሳለ፣ ቦታውን የኔ የሚለው መሥሪያ ቤት ራሱ ከሳሽ፣ ራሱ ምስክር፣ ራሱ ዳኛ፣ ራሱ አፍራሽ ይሆናል። ይህን በ20 ዓመት የፍርድ ቤት ሥራዬ በአንድም ፋይል ላይ አላየሁም።

የእህቴ ልጅ የህንድን አንድ ፍርድ ያስረዳችኝ ያኔ ነው። ሃይደራባድ ከተማ ውስጥ ለኦስማኒያ ዩኒቨርሲቲ የተወሰደ መሬት ነው በተባለ ቦታ ላይ ክርክር ተነሳ። በቦታው ላይ ያሉት ሰዎች የኛ ነው አሉ። መንግሥት ሕገወጥ ሰፋሪን በአጭር ሥርዓት በሚያስነሳ አንድ የድሮ ሕግ ሊያስወጣቸው ፈለገ። የአገሪቱ ጠቅላይ ፍርድ ቤት እንደ ፈረንጆቹ አቆጣጠር በ1982 አይሆንም አለ። ያ አጭር መንገድ የሚሠራው መሬቱ የመንግሥት ስለመሆኑ የምር ክርክር ከሌለ ነው። የምር ክርክር ካለ መንግሥት ለራሱ መፍረድ አይችልም፤ እንደማንኛውም ሰው ፍርድ ቤት ይሂድ አለ። ልብ በሉ፤ መሬቱ የሰዎቹ ነው አላለም። መጀመሪያ ይጣራ ነው ያለው። እኔ የምለምናችሁም ከዚህ የሚበልጥ ነገር አይደለም።

ሩቅ አገር ነው ካላችሁ ጎረቤታችን ኬንያ አለች። እነሱም እንደኛ የሕዝብ መሬት የመወረር ችግር ያንገበገባቸው ናቸው። በፈረንጆቹ 2016 ባሻሻሉት የመሬት ሕግ ግን ከሕዝብ መሬት ላይ ያለ ፈቃድ የሰፈረ ሰው እንኳ ከመነሳቱ ሦስት ወር በፊት ማስጠንቀቂያ ይሰጠዋል። ማስጠንቀቂያው የደረሰው ሰው ፍርድ ቤት ሄዶ ማመልከት ይችላል፤ ፍርድ ቤቱም ሊያግደው፣ ሊለውጠው ወይም ሊሰርዘው ሥልጣን አለው።

የእኛም ሕግ ባዶ አይደለም። የሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 37 ማንም ሰው በፍርድ ሊያልቅ የሚገባውን ጉዳይ ለፍርድ ቤት ወይም የዳኝነት ሥልጣን ላለው አካል አቅርቦ ውሳኔ የማግኘት መብት እንዳለው ይናገራል። ካርታ ያለው ሰው አይልም፤ ማንም ሰው ነው የሚለው። በ2012 የወጣው የአስተዳደር ሥነ ሥርዓት አዋጅ ቁጥር 1183 የአዲስ አበባን አስፈጻሚ መሥሪያ ቤቶችም ይጨምራል፤ ውሳኔ የሚነካው ሰው እንዲሰማና ምክንያቱ እንዲነገረው ይፈልጋል። አገራችን በ1985 የተቀበለችው የኢኮኖሚ፣ የማኅበራዊና የባህል መብቶች ቃል ኪዳንም አለ። ቃል ኪዳኑን የሚከታተለው የተባበሩት መንግሥታት ኮሚቴ ሰው ከቤቱ ከመነሳቱ በፊት ሊመከር፣ በቂ ጊዜ ሊሰጠውና አቤት የሚልበት ቦታ ሊኖረው እንደሚገባ፣ በሌሊትና በክፉ የአየር ጠባይም መነሳት እንደሌለበት ጽፏል። የጎረቤቴ ቤት የፈረሰው ሐምሌ ላይ ነው። የሐምሌን ዝናብ ለእናንተ መንገር አያስፈልግም።

አሁን የእናንተንም ወገን ልናገር። የመሬት ወረራ አለ። በዓይኔ አይቻለሁ። አንድን ቦታ ለሦስት ሰው የሚሸጥ ደላላ ሰፈራችን ውስጥ አለ። ለትምህርት ቤት የተከለለ ሜዳ በአንድ ቅዳሜና እሑድ በቆርቆሮ ሲታጠር አይቻለሁ፤ ልጆቻችን ኳስ የሚጫወቱበት ነበር። ያንን ያስለቀቃችሁ ቀን አጨብጭቤያለሁ። ኃላፊ ብሆን እኔም ሌሊት እንቅልፍ አይወስደኝም ነበር። "ሁሉንም እንስማ ካልን አንድም ቦታ አናስለቅቅም፤ ሁሉም ፎርጅድ ውል ይዞ ይመጣል" የምትሉትን ስጋት አላጣጥለውም። ፎርጅድ አለ።

ግን ፎርጅድ የሚያዘው ወረቀቱ ሲታይ ነው። ደላላው ማንም ሳያየው የሚያልፈው ሰሚ ስለሌለ ነው። ሁሉም በአንድ ቀን በአንድ ዶዘር ሲፈርስ ሌባውና ባለቤቷ እኩል ይሆናሉ። እንዲያውም ሌባው ይሻላል፤ እሱ ብሩን ይዞ ሄዷል።

ሌላ ነገር ልጨምር። ከሦስት ዓመት በፊት በእኛው ሰፈር ሌላ ቤት እንዲሁ ሊፈርስ ነበር። ያን ጊዜ ግን አንድ ወጣት ቀያሽ ነበር። ባለቤቱ ሲለምነው ጂፒኤሱን አውጥቶ እንደገና ለካ። ከዚያ ዝም ብሎ ቆመ። ፋይሉ ላይ የተጻፈው የነጥብ ቁጥር የማዶው ቦታ ነበር፤ ሁለት ቁጥሮች ተዘዋውረዋል። "ይቅርታ አባባ" አለው። ቤቱ ዛሬም አለ፤ ልጆቹ እዚያው ያድጋሉ። ያ ልጅ የፈጀበት ጊዜ ግማሽ ሰዓት አይሞላም። ደግሞ ያተረፈው የሰውየውን ቤት ብቻ አይደለም። የእናንተንም መሥሪያ ቤት ከስህተት አውጥቷል። ሁልጊዜ ደግ ቀያሽ አይገኝም። ስለዚህ ግማሽ ሰዓቷ በዕድል ሳይሆን በሥርዓት ትምጣ።

የምጠይቃችሁን ነገር በግልጽ ላስቀምጠው። ቤት ላይ ማስጠንቀቂያ ስትለጥፉ ወረቀቱ ላይ የመሰሚያ ቀን ይጻፍበት። የት፣ ስንት ሰዓት፣ ማን ፊት እንደሆነ ይታወቅ። ማንበብ ለማይችል ሰው ይነበብለት። አፋን ኦሮሞ ለሚናገር በቋንቋው ይነገረው፤ እኛ ሰፈር ብዙ ናቸው፤ መጀመሪያም መሬቱ የእነሱ የእርሻ መሬት ነበር። የሚሰማው ሰው ቦታውን ከሚፈልገው ክፍል ውጪ ይሁን። የፈለጋችሁትን ስም ስጡት፤ ብቻ በዚያ መሬት ላይ ራሱ ባለጉዳይ የሆነ ሰው አይሁን። ሰውየው ውሉን፣ ቢሉን፣ ምስክሩን፣ የእድር መዝገቡን ያቅርብ። እናንተም የአየር ካርታውን አውጡና ፊቱ ላይ ዘርጉት፤ አይቶ የሚለውን ይበል። ውሳኔው በጽሑፍ ይሁን፣ ምክንያቱ ይጻፍበት። ይግባኝ ካለ ይግባኙ እስኪታይ ዶዘሩ ይቁም። የፈረሰ ቤት በይግባኝ አይነሳምና። 7 ቀን ደግሞ ለዚህ ሁሉ አይበቃም። ለባለይዞታ 30 ቀን ከሰጣችሁ፣ ባለይዞታ ነኝ ብሎ ለሚከራከርም 30 ቀን ስጡት።

ተሰምቶ ለተሸነፈ ሰውም ማረፊያ አስቡለት። ክረምቱ እስኪወጣ ታገሡት። ቆርቆሮውንና በሩን ነቅሎ የሚወስድበት ጊዜ ስጡት። በመንግሥት ፕሮግራም ምክንያት የተፈናቀለ ሰው ድጋፍ የማግኘት መብት እንዳለው የሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 44 ይናገራል።

ጎረቤቴ አሁን እህታቸው ዘንድ፣ ኮተቤ በኩል፣ በአንድ ክፍል ተጠግተው ይኖራሉ። ምጣዳቸው ፍርስራሹ ውስጥ ተሰብሯል። የእድር ወርኃዊ መዋጮአቸውን ግን አንድም ጊዜ አላቋረጡም። በየወሩ መጀመሪያ እሑድ በታክሲ መጥተው ይከፍላሉ። ባለፈው እሑድ ሲመጡ "ቤቴን አይደለም የምለው፤ ወረቀቴን ማንም አላየልኝም" አሉኝ። ፌስታሉን አሁንም ይዘውታል። እኔ በዚያ ቀን ቤቴ ገብቼ ይህን መጻፍ ጀመርኩ።

መሬቱ እስካሁን ባዶ ነው። ምንም አልተሠራበትም። ጉቶዎቹም አልተነሱም። ስለዚህ ማጣራት አሁንም ይቻላል፤ ለእሳቸውም፣ በሚቀጥለው ረድፍ በራቸው ላይ ቀይ ቀለም ለተቀባባቸው ዘጠኝ ቤተሰቦችም።

ቦታ የለንም እንዳትሉ። የእድራችን ድንኳን 60 ሰው ይይዛል። አግዳሚ ወንበሮች አሉን። ጠረጴዛ እናቀርባለን፤ ቡና ይፈላል። ቀኑን ብቻ ንገሩን። የእድሩ መዝገብ እኔ ጋ ነው፤ ከ1991 ጀምሮ ያለው ሁሉ አለ። በተባለው ሰዓት ይዤው እገኛለሁ።

ከአክብሮት ጋር
የእድሩ ጸሐፊ

ግልባጭ፦
ለሰፈራችን ነዋሪዎች
ዛሬ ማታ በሩ ላይ ወረቀት ሊለጠፍበት ለሚችል ሰው ሁሉ